ስም ጥሪ በባሮ ዳር

ቀረብ ቀረብ በሉ ወገኖቼ። የያዝኩት ወሬ ከጋምቤላ ተነስቶ ለንደን ደርሶ ይመለሳልና መንገዱ ረዘም ይላል፤ ቡናው ሦስተኛው እስኪቀዳ ግን እናደርሰዋለን።

ያኔ ወጣት መምህር ነበርኩ፣ ዘመኑም 1970ዎቹ፣ ወሩም መስከረም። ከጎሬ ስነሳ ያካፋ ነበርና ጋቢዬን ተከናንቤ የጭነት መኪናው ጋቢና ውስጥ ተኮራመትኩ፤ ከዚያም የኢሉባቦሩን ቡሬ አልፈን ቁልቁለቱን ስንይዘው ጉሙ ወደ ኋላ ቀረ፣ ጋቢው ከትከሻዬ ወረደ፣ ቀጥሎ ሹራቡ ወለቀ፣ ቀጥሎ የሸሚዜ ቁልፍ ተፈታ፣ እናም ባሮ ከሜዳው ላይ እያብረቀረቀ ብቅ ሲል ላቤ በጀርባዬ ይወርድ ነበር።

በማግስቱ እዚያው ጋምቤላ ክፍል ገባሁና ስም መጥራት ጀመርኩ። ዝርዝሩ በእኛው ፊደል ጥንቅቅ ብሎ ተጽፏል። እየጠራሁ፣ «አቤት» እየተባልኩ ወረድኩና አንድ ስም ላይ ስደርስ ክፍሉ ዝም አለ። ደገምኩት፣ ዝም። ሦስተኛ ጊዜ ስጠራው ልጆቹ ሳቁ፤ ከወደ ኋላ አንዲት ቀጭን የአኙዋክ ልጅ ተነሳችና «ቲቸር፣ እኔን ነው?» አለችኝ። እኔ እንደተጻፈው ነበር ያነበብኩት። እሷ ግን ወደ ጥቁር ሰሌዳው መጣችና ሁለት ጣቶቿን ከአገጯ ሥር አድርጋ፣ ቀስ ብላ ስሟን ነገረችኝ።

እስቲ እናንተም ሞክሩት። «እንግዳ» በሉ፤ ግን «ን» ካለቀች በኋላ «ግ» ሳትመጣ ቁሙ። ምላሳችሁ ወደ ጉሮሮ አፈግፍጎ ድምፁ በአፍንጫ ሲወጣ ይሰማችኋል። እኛ ይህንን ድምፅ በቃል መካከል ሳናውቀው እናልፈዋለን፤ አኙዋኩና ኑዌሩ ግን ቃል ይጀምሩበታል። ፊደላችን ለእሱ የሠራለት ቤት የለም፤ ስለዚህ ጸሐፊው «ን» ብሎ አስጠጋው፣ የልጅቷም ስም ወረቀት ላይ ሌላ ሰው ሆነ።

ያን ቀን ማታ ወደ ወንዙ ወረድኩ። ባሮ ሞልቷል፤ አኙዋኮች ኦፔኖ ይሉታል። ማንጎ ዛፍ ሥር አንድ ሽማግሌ ተቀምጠው አገኘሁና ሰላምታ ሰጥቼ አጠገባቸው ተቀመጥኩ። በጎልማሳነታቸው ወደቡ ላይ የቡና ጆንያ ይሸከሙ ነበር። አፄ ምኒልክ ከእንግሊዝ ጋር እ.ኤ.አ. በ1902 በተዋዋሉት ውል እንግሊዞች ባሮ ዳር የንግድ ሥፍራ ተሰጣቸው፣ ከ1904 ጀምሮ ጋምቤላ ላይ ተተከሉ፣ ከዚያም በየክረምቱ ወንዙ ሲሞላ መርከብ ከካርቱም ይመጣ ነበር፤ ይህም ሱዳን ነፃ በወጣችበት በ1956 ሥፍራው ለኢትዮጵያ እስኪመለስ ድረስ። ሽማግሌው የመርከቡን ጩኸት አሰሙኝ፣ ቀጥለውም አንድ የእንግሊዝኛ ትእዛዝ፣ «ር»ን እንደ ከበሮ እያንከባለሉ፣ ጮኸው አሰሙኝ። «ምን ማለት ነው አባባ?» አልኳቸው። «እኔ ምን አውቃለሁ ልጄ፤ እንዲህ ሲሉ እናነሳለን» አሉኝ።

ቤቴ ስገባ ኩራዙን ለኮስኩና ለከፍተኛ ክፍል የማስተምረውን የሼክስፒር ድራማ ገለጥኩ። ሽማግሌው ድምፁን ይዘው ትርጉሙን አላገኙትም፤ እኔ ደግሞ ትርጉሙ በግርጌ ማስታወሻ ሳይቀር እፊቴ ተዘርግቶ ድምፁን አላውቀውም። ሼክስፒር የሞተው እ.ኤ.አ. በ1616 ነው፤ ያኔ መድረክ ላይ የቆመው ተዋናይ እንዴት አድርጎ ተናገረው?

መልሱን ያገኘሁት ፀጉሬ ከሸበተ በኋላ ነው። ለንደን ውስጥ በቴምስ ዳር የሼክስፒር ዘመኑ ግሎብ ቴአትር ዳግመኛ ተሠርቶ እ.ኤ.አ. በ1997 ተከፈተ፤ ከዚያም በ2004 ዴቪድ ክሪስታል የሚባል የቋንቋ ሊቅ ተዋንያኑን አሠለጠነና «ሮሚዮና ጁልዬት»ን በጥንቱ አነጋገር ተጫወቱት፣ በዓመቱም «ትሮይለስና ክሬሲዳ»ን ደገሙ። የዛሬ ለንደኖች በቃል መጨረሻ የሚውጧት «ር» መድረኩ ላይ ተመልሳ መጣች። ከየአገሩ የመጡት ተመልካቾችም ሲወጡ እያንዳንዳቸው «ይህማ የእኛ አገር ሰው አነጋገር ነው» ይሉት ነበር።

እንዴት አወቁ? በድምፅ የተቀረጸ ነገር የለም። ግን ግጥም አለ፣ ግጥምም ቤት መምታት አለበት። ዛሬ «ላቭ» እና «ፕሩቭ» የሚባሉት ሁለት ቃላት በሼክስፒር ስንኞች ቤት እየመቱ ይገኛሉ፤ በዛሬ አፍ ግን አይገጥሙም። እንግዲህ ያንን ያህል ጆሮ የነበረው ሰው እየደጋገመ ቤት አይስትም፤ የተቀየረው አፉ ነው። ደግሞም በጊዜው የነበሩ ሰዎች ስለ ቋንቋቸው ጽፈዋል፤ የሼክስፒር ባልንጀራ ቤን ጆንሰን ሰዋስው አዘጋጅቶ፣ እሱ ከሞተ በኋላ በ1640 ታትሞ፣ «ር» በቃል መጀመሪያ ጠንክራ፣ በመካከልና በመጨረሻ ለዘብ ብላ እንደምትሰማ ገልጿል።

እኔን ከሁሉ የማረከኝ ግን ቀልዱ ነው። በ«ሄንሪ አራተኛ» የመጀመሪያ ክፍል ፎልስታፍ የሚባል ሆዳም ፈረሰኛ ሲዋሽ ይያዛል፤ ምክንያትህን ንገረን ብለው ሲያፋጥጡት ምክንያትን ከዱር ፍሬ ጋር እያነጻጸረ እምቢ ይላል። ምክንያት ከፍሬ ጋር ምን አገናኘው? ዛሬ ምክንያትን «ሪዝን» ይሉታል፤ ያኔ ግን «ሬዝን» ነበር፣ «ሬዝን» ደግሞ ዘቢብ ነው። አያችሁ፣ ሰምና ወርቅ! ድምፁ ሲለወጥ ሰሙ ቀለጠና ወርቁ ባዶ እጁን ቀረ፤ ከዚያ ወዲህ ያለው ተመልካችም የማይስቅበትን ቀልድ በአክብሮት ሲያዳምጥ ኖረ።

ይህንን ስሰማ የኔታ ትዝ አሉኝ። አለንጋቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋድመው «ሃሌታው ሀ፣ ሐመሩ ሐ፣ ብዙኃኑ ኀ» ሲሉ እኛ ሦስቱንም በአንድ ትንፋሽ እናወጣቸው ነበር። ፊደሎቹ ግን ለጌጥ አልተሠሩም፤ በግዕዝ ጥንት ሦስቱም የየራሳቸው ድምፅ ነበራቸው። «ሰ»ና «ሠ»፣ «አ»ና «ዐ»ም እንዲሁ፤ ሰአለ ለመነ ነው፣ ሠዐለ ሥዕል ሣለ ነው፤ በዛሬው የአማርኛ ተናጋሪ አፍ ሁለቱ አንድ ናቸው። ግን ወደ ትግርኛ ተናጋሪ ጎረቤት ሄዳችሁ ብታዳምጡ ሐመሩ ሐና ዐይኑ ዐ እስከ ዛሬ ከጉሮሮ ሲወጡ ትሰማላችሁ። ያጣነው ድምፅ ጎረቤት ቤት ተቀምጧል።

የእኛም ፊደል የሚተወው ነገር አለው። «ገና ነው» ብዬ ብጽፍላችሁ፣ አልደረሰም ማለቴ ነው ወይስ በዓሉን? «ና» ከላላች ቆዩ ማለት ነው፣ ከጠበቀች ዶሮው ይታረዳል። ቅኔያችን፣ ቀልዳችን፣ ስድባችንም ሳይቀር በዚህች ማጥበቅና ማላላት ላይ ተንጠልጥሎ ይኖራል፤ ወረቀቱ ግን ዝም ይላል። ሐዲስ ዓለማየሁ ይህ አስጨንቋቸው በ1958 ዓ.ም በታተመው «ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ በሚጠብቁት ፊደሎች ራስ ላይ ምልክት አኖሩ። በእኔ ፍርድ ይህ ትልቅ የፍቅር ሥራ ነው፤ ተከታይ ማጣቱም እስከ ዛሬ ያሳዝነኛል። ከዚያም ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ ያንኑ መጽሐፍ በሬዲዮ ተረከው፤ የት እንደሚጠብቅ፣ የት እንደሚላላ፣ የመጽሐፉ ገጸ ባሕርይ ጉዱ ካሣ የት ላይ ትንፋሹን እንደሚሰበስብ፣ ሁሉም በአንድ ሰው ጉሮሮ ተቀመጠ። ከአራት መቶ ዓመት በኋላ፣ በእኛ ዘመን አማርኛ እንዴት ይነገር ነበር ብሎ የሚጨነቅ ሰው ቢነሳ፣ ያ ቅጂ በደህና ከቆየለት፣ እንደ ክሪስታል በስንኝ ፍርስራሽ ውስጥ መቆፈር የለበትም።

እንግዲህ ወደ ጋምቤላ እንመለስ፤ ልጅቷን ቆማ ትተናት ሄድን።

ሳምንቱን ሙሉ ከትምህርት ቤት ወደ ቤቴ ስሄድ፣ ውሃ ስቀዳ፣ ልብሴን ሳጥብ «እን...» እያልኩ «ግ» ሳይመጣ እቆም ነበር። ያየኝ ሰው ምን እንዳለ አላውቅም። በሰኞው ደብተሬን ገለጥኩ፣ ስሞቹን አንድ ባንድ ጠራሁ፣ የእሷ ጋ ስደርስ ዓይኔን ከወረቀቱ ላይ አነሳሁና ከጉሮሮዬ አወጣሁት። ክፍሉ ጸጥ አለ፤ በመስኮቱ በኩል የባሮ ሽታና የሕፃናት ጩኸት ይገባ ነበር።

«አቤት!» አለችና ተነሳች፤ ጥቂት አሰበች። «ድምፁ ደርሷል ቲቸር። ግን መጨረሻው ዝቅ ይላል።» በአኙዋክ አፍ የድምፅ መውጣትና መውረድ ቃል ይለያል፤ እጇን ከትከሻዋ ከፍታ አንስታ ቀስ እያደረገች ወደ ዴስኩ አወረደችው።

እኔም እጄን አነሳሁና፣ አብሬ እያወረድኩ፣ ደግሜ ጠራኋት።