የጎረቤት ዕዳ፦ አከርካሪን የማጣበቅ ቀዶ ጥገና ታሪክ

"ዲስክ ተሠርቼ ድኜ ነበር፤ ከስንት ዓመት በኋላ እንደገና ተመለሰብኝ።"

በፊዚዮቴራፒ ሥራዬ ይህን አባባል ያልሰማሁበት ወር የለም ማለት ይቻላል። ተከትሎት የሚመጣው ግምትም ያው ነው፦ ብሎኑ ለቆ ይሆናል፣ ሐኪሙ አበላሽቶት ይሆናል፣ ውጭ አገር ብሠራ ኖሮ ይህ አይደርስብኝም ነበር። አንዳንዴ ግምቱ ልክ ይሆናል። ብዙ ጊዜ ግን የድሮውንና የአሁኑን ምስል ጎን ለጎን ስናይ የተሠራው ቦታ እንደ አለት ጠንክሮ ተቀምጧል። የታመመው ሌላ ነው፤ ከላዩ ወይም ከሥሩ ያለው ጎረቤቱ።

ወዳጆቼ፣ ዛሬ የዚህን ነገር ታሪክ ላጫውታችሁ። ትንሽ ረዘም ይላል። ነገር ግን ወገቡን ወይም አንገቱን ለመሠራት ቀጠሮ የያዘ ሰው በቤታችሁ ካለ፣ ታገሱና እስከ መጨረሻው አንብቡት።

መጀመሪያ አሠራሩን እንይ። ወገባችን 5 የአከርካሪ አጥንቶች አሉት። በየመሃላቸው ዲስክ የምንለው ትራስ አለ፤ ከኋላ ደግሞ ጥንድ ጥንድ ሆነው የሚንሸራተቱ ትንንሽ መገጣጠሚያዎች አሉ። ጎንበስ ብለን ጫማ ስናስር እንቅስቃሴውን ሁሉም ይካፈሉታል። ሁለቱን አጥንቶች አጣብቀን አንድ ካደረግናቸው በዚያ ቦታ መታጠፍ ቀረ ማለት ነው። እኛ ግን ጫማ ማሰራችንን አንተውም። ቃሬዛ የተሸከሙ ሰዎችን አስቡ፤ የአንዱ ክንድ ቢዝል ሸክሙ አይቀንስም፣ አጠገቡ ያለው ሰው ትከሻ ላይ ይወድቃል።

ታዲያ ይህን እያወቁ ለምን አጥንት ያጣብቃሉ? መልሱ ያለው በቲቢ ታሪክ ውስጥ ነው።

ቲቢ ሳንባን ብቻ አይደለም የሚያጠቃው። አከርካሪ ውስጥ ሲገባ አጥንቱን ከፊት በኩል ይበላዋል፤ አጥንቱ ይደረመስና ልጁ ይጎብጣል፤ ሲብስም ሕብለ ሰረሰር ተጭኖ እግር ይሽባል። እንግሊዛዊው ሐኪም ፐርሲቫል ፖት ይህን በሽታ እ.ኤ.አ. በ1779 ስለገለጸው እስከ ዛሬ በስሙ ይጠራል። መድኃኒት ግን አልነበረም። የቲቢ የመጀመሪያው ውጤታማ መድኃኒት ስትሬፕቶማይሲን የተገኘው በ1943 ነው። ከዚያ በፊት የነበረው ሕክምና ልጁን ለወራት፣ አንዳንዴም ለዓመታት፣ አልጋ ላይ አስሮ ማስተኛት ነበር።

በ1891 ቴክሳስ ውስጥ በርትሆልድ ሃድራ የተባለ ሐኪም የተሰበረ የአንገት አከርካሪን በብር ሽቦ አሰረ። በ1911 ደግሞ ኒው ዮርክ ውስጥ ሁለት ሐኪሞች፣ ራስል ሂብስና ፍሬድ አልቢ፣ በየፊናቸው አንድ ዓይነት ሐሳብ ላይ ደረሱ፦ የታመመው ቦታ እንዳይንቀሳቀስ አጥንቱን ከአጥንት ጋር እናጣብቀው። አልቢ ከራሱ ከበሽተኛው ቅልጥም ላይ ቁራጭ አጥንት ወስዶ አከርካሪው ላይ ተከለ። ሂብስ እዚያው አከርካሪው ላይ ያለውን አጥንት እየሰነጠቀና እያጋደመ እርስ በርሱ እንዲጋጠም አደረገ።

እዚህ ላይ ቆም ብለን እናስብ። ሞት፣ ጉብጠት ወይም ሽባነት ለሚጠብቀው ልጅ የሁለት ሦስት አጥንት መድረቅ ምን ዋጋ አለው? ምንም። ቀዶ ጥገናው ሲወለድ ሒሳቡ ግልጽ ነበር። ከሠላሳ ዓመት በኋላ ስለ ጎረቤቱ አጥንት መጨነቅ፣ ሠላሳ ዓመት ለመኖር ተስፋ ላለው ሰው የሚገባ ቅንጦት ነበር።

ሒሳቡ የተቀየረው ቀስ በቀስ ነው። በ1934 ቦስተን ውስጥ ሚክስተርና ባር የተባሉ ሁለት ሐኪሞች የተንሸራተተ ዲስክ ነርቭ ተጭኖ የእግር ሕመም እንደሚያመጣ በጽሑፍ አሳዩ። ከዚያ ወዲህ የወገብ ሕመም የቀዶ ሐኪሞች ጉዳይ ሆነ፤ ለቲቢ የተፈጠረው ማጣበቅም ወደ ዲስክና ወደ እርጅና ሕመም ተሻገረ። ቀጥሎ ብረቱ መጣ። የሂውስተኑ ፖል ሃሪንግተን ፖሊዮ አከርካሪያቸውን ያጣመመባቸውን ልጆች በብረት ዘንግ ማቅናት ጀምሮ ውጤቱን በ1962 አሳተመ። ፈረንሳዊው ሬይሞን ሯ-ካሚይ በ1960ዎቹ ብሎንን በአጥንቱ ወፍራም እግር በኩል የማስገባት ዘዴ ይዞ መጣ። ዛሬ በራጅ ላይ የምታዩዋቸው ብሎኖች የዚያ ዘሮች ናቸው። ማጣበቁ ይበልጥ አስተማማኝ፣ ይበልጥ ጠንካራ ሆነ።

የተጣበቀው ሲጠነክር የጎረቤቱ ድምፅ መሰማት ጀመረ።

ነጠላ ዘገባዎች ከ1950ዎቹ ጀምሮ ነበሩ። በ1988 ኬሲ ሊ የተባለ ሐኪም የ18 በሽተኞችን ታሪክ አሳተመ። ሁሉም ወገባቸው ተጣብቆ በአማካይ 8.5 ዓመት ያህል ያለ ሕመም ኖረዋል። ከዚያ በኋላ አዲስ ሕመም መጣ፤ ምንጩም የተሠራው ቦታ ሳይሆን ከጎኑ ያለው ነበር። በብዛት የተገኘው ከኋላ ያሉት ትንንሽ መገጣጠሚያዎች አብጠውና ወፍረው ነው።

ቀጥሎ ቆጠራ መጣ። በ1999 ሂሊብራንድና ባልደረቦቹ አንገታቸው የተጣበቀ 374 ሰዎችን የተከታተሉበትን ጥናት አወጡ፦ በዓመት ወደ 2.9 በመቶ የሚሆኑት ከጎረቤቱ አንጓ አዲስ ሕመም ይጀምራቸዋል፤ በስሌታቸው በ10 ዓመት ውስጥ ሩብ ያህሉ ላይ ይደርሳል። በ2004 ጊሴሊና ባልደረቦቹ የወገቡን አወጡ። ከ215 ሰዎች ተነሥተው ባሰሉት መሠረት፣ በጎረቤቱ ምክንያት ዳግመኛ ቀዶ ጥገና የሚያስፈልጋቸው በ5 ዓመት 16.5 በመቶ፣ በ10 ዓመት ደግሞ 36.1 በመቶ ናቸው። በምስል ላይ ብቻ የሚታየው ለውጥ ሕመም ካለባቸው ሰዎች ቁጥር ይበልጣል፤ ምስሉ አርጅቶ ምንም የማያማቸው ብዙ ናቸው።

እስካሁን ታሪኩ ቀላል ይመስላል፦ ማጣበቅ ጎረቤትን ይገድላል። ግን ነገሩ እንዲህ ቀጥ ያለ አይደለም።

ሂሊብራንድ ራሱ አንድ ያልጠበቀው ነገር አገኘ። ብዙ አንጓ ከተጣበቀላቸው ይልቅ አንድ ብቻ የተጣበቀላቸው ሰዎች ላይ የጎረቤት ሕመም በዝቶ ታየ። ሸክሙ ብቻ ቢሆን ተቃራኒው ነበር የሚጠበቀው። በ1995 ደግሞ ሚሼል ባቲዬና ባልደረቦቿ 115 ጥንድ ተመሳሳይ የፊንላንድ ወንድ መንትዮችን አጥንተው ነበር። አንዱ ከባድ ሥራ ሲሠራ ሌላው ቀላል ሥራ ሲሠራ የኖሩ መንትዮች ሳይቀሩ ዲስካቸው በጣም ይመሳሰላል። የሥራው ጫና የነበረው ድርሻ ትንሽ ሆኖ ተገኘ፤ የዘርና የቤተሰብ ድርሻ ግን ትልቅ። እንግዲህ አንድ ዲስኩ ቀድሞ ያረጀበት ሰው ሌላውም ሊከተል የተዘጋጀ ሊሆን ይችላል፤ ተሠራም አልተሠራም።

ዛሬ የሚያስማማው መልስ ሁለቱም የሚል ነው። እርጅናው በራሱ መንገድ ይሄዳል፤ ማጣበቁ ደግሞ ከኋላ ይገፋዋል። ምን ያህል እንደሚገፋው በአሠራሩም ይወሰናል። ወገባችን የተፈጥሮ ጉድጓድ አለው፤ አጥንቶቹ ያን ጉድጓድ አጥተው ቀጥ ብለው ከተጣበቁ ሰውየው ወደ ፊት ያዘነብላል፣ ያን ለማቃናትም ጎረቤቱ ያለ ዕረፍት ይሠራል። የሃሪንግተን ዘንግ እስከ ታችኛው ወገብ ድረስ የወረደላቸው ብዙ ሰዎች ይህን አይተዋል።

እንቅስቃሴውን ለማትረፍ የሞከሩም አሉ። ስዊድናዊው ኡልፍ ፌርንስትሮም በ1960ዎቹ በዲስክ ቦታ የብረት ኳስ አስገባ፤ ኳሱ ግን አጥንቱ ውስጥ እየሰመጠ አስቸገረ። በ1984 ምሥራቅ በርሊን በሻሪቴ ሆስፒታል ካሪን ብዩትነር-ያንስና ኩርት ሼልናክ የሠሩት ሰው ሠራሽ ዲስክ ሰው ላይ ዋለ። በነገራችን ላይ ይህች ሐኪም ማሞ ወልዴና ምሩጽ ይፍጠር ነሐስ ባመጡበት በ1972ቱ የሙኒክ ኦሎምፒክ በጂምናስቲክስ 2 ወርቅ የወሰደችው ናት! የመንቀሳቀስን ዋጋ ከእሷ በላይ ማን ያውቃል? ሰው ሠራሽ ዲስክ ዛሬ በተለይ ለአንገት ተስፋ የሚሰጥ ውጤት አለው። ለሁሉም ግን አይሆንም፤ አጥንቱ ለሳሳ ወይም የኋላ መገጣጠሚያዎቹ ላረጁበት ሰው አይመከርም።

የጎልፉን ታይገር ውድስን ታሪክ ብዙዎቻችሁ ሰምታችኋል። በ2017 የመጨረሻው የወገብ አንጓው ተጣበቀ፤ በ2019 ማስተርስን አሸነፈ። በጥቅምት 2025 ደግሞ ልክ ከተጣበቀው በላይ ያለው ዲስኩ በሰው ሠራሽ መተካቱን ራሱ አሳወቀ። ከዚያ በፊትም ደጋግሞ የተሠራ ወገብ ስለሆነ ጥፋቱን ለአንዱ መስጠት አይቻልም። ማጣበቁ ግን ዋንጫ የሚያነሳበት ዘመን ሰጥቶታል፤ ይህም አይካድም።

ወደ አገራችን ልመለስ። 1911 ለእኛ ሩቅ ታሪክ አይደለም። የአከርካሪ ቲቢ ዛሬም ልጆቻችንን ያጎብጣል። አዲስ አበባ ውስጥ ለረጅም ዓመታት የሠሩት ዶክተር ሪክ ሆድስ አከርካሪያቸው በቲቢና በሌላ ምክንያት የጎበጠና የተጣመመ ብዙ ኢትዮጵያውያን ልጆችን ወደ ጋና፣ አክራ፣ ወደ ዶክተር ኦሄኔባ ቦዋቺ-አጄ ልከው አሠርተዋል። ለእነዚህ ልጆች ማጣበቅ ማለት ቀና ብሎ መሄድ፣ እንደ ልብ መተንፈስ፣ መኖር ማለት ነው። ነገ ጎረቤቱ ዕዳ ቢጠይቅ እንኳ የሚከፈል ዕዳ ነው።

እግሩ ያልደከመ፣ ነርቩ ያልተጫነ፣ አከርካሪው ያልተናጋ፣ ወገቡን ብቻ የሚያመው የ35 ዓመት ሰው ግን ሒሳቡ ሌላ ነው። ቀዶ ጥገናው አንድ ነው፤ ለአንዱ መዳኛ የሆነው ለሌላው ያለ ምክንያት የተገባ ብድር ሊሆን ይችላል። ከዚህ ሁሉ ታሪክ እኔ የያዝኩት ይህን ነው።

ስለዚህ ቀጠሮ ያላችሁ ሐኪማችሁን በአክብሮት ጠይቁ፦ ማጣበቁ ለምን አስፈለገኝ? ነርቡን ማላቀቅ ብቻ አይበቃም? ስንት አንጓ ነው የሚጣበቀው? የወገቤ ጉድጓድ ይጠበቃል? ጎረቤቶቹ አሁን በምን ሁኔታ ላይ ናቸው? ጥሩ ሐኪም በዚህ አይቆጣም።

ተሠርታችሁ ያላችሁም አትደንግጡ። ብዙው ሰው ሁለተኛ ቀዶ ጥገና ሳያስፈልገው ይኖራል። ተራመዱ፣ የሆድና የጀርባ ጡንቻችሁን አጠንክሩ፣ ክብደታችሁን ቀንሱ፣ ሲጋራ ተዉ። አደራ፣ የተጣበቀ አከርካሪ ወጌሻ ጋ ሄዶ አይታሽም፣ አይጎተትም። እግር ከከዳ፣ በመቀመጫና በብልት አካባቢ መደንዘዝ ከመጣ፣ ሽንት ወይም ሰገራ መቆጣጠር ካቃተ ግን ለነገ አትበሉ፤ በዚያው ሰዓት ወደ ድንገተኛ ክፍል ሂዱ።

ይጠቅመዋል ለምትሉት ሰው አድርሱልኝ።