ባለቤቱ ያልታወቀ እሳት፤ የሺራኑይ ባሕር ስያሜ

ሺራኑይ በደቡባዊ ጃፓን፣ በክዩሹ ደሴት ምዕራባዊ ዳርቻ የተኛ የውስጥ ባሕር ስም ነው። በምሥራቅ የኩማሞቶ ክፍለ ሀገር፣ በምዕራብ የአማኩሳ ደሴቶች ያቅፉታል፤ ስፋቱ 1,200 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በካርታ ላይ በዳርቻው ባለችው ከተማ ስም ያትሱሺሮ ባሕር ይባላል። ሺራኑይ የሚለው ሁለተኛ ስሙ ግን በውሃው ላይ በሌሊት ከሚታይ ብርሃን ጋር የተያያዘ ነው። ዛሬ ስሙ የሚጻፍባቸው ሦስት የቻይና ፊደላት በቀጥታ ሲነበቡ «የማይታወቅ እሳት» ማለት ናቸው።

ብርሃኑ የሚጠበቀው በጨረቃ አቆጣጠር በስምንተኛው ወር መባቻ ነው፤ ይህም በኢትዮጵያ አቆጣጠር ነሐሴ መገባደጃ ላይ ወይም በመስከረም ይውላል። ሌሊቱ ጨረቃ የሌለበት ነው። ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት አካባቢ፣ ባሕሩ በእጅጉ ሲሸሽ፣ ከዳር ርቆ አንድ ወይም ሁለት እሳት ብልጭ ይላል። ይህን «ወላጅ እሳት» ይሉታል። ወላጁ ወደ ግራና ወደ ቀኝ እየተከፈለ ይባዛል፤ በመጨረሻም በመቶ የሚቆጠሩ፣ አንዳንዴም ከሺህ የሚያልፉ እሳቶች ተሰልፈው ከ4 እስከ 8 ኪሎ ሜትር ይዘረጋሉ። ለማየት ከውሃው ወለል 10 ሜትር ያህል ከፍ ማለት ያስፈልጋል፤ ወርዶ ከውሃው ጠርዝ ለቆመ ሰው አይታይም። ጀልባ ይዞ ሊጠጋው የቀዘፈም አይደርስበትም፤ በቀረበ ቁጥር እሳቱ ይርቃል።

ለዓሣ አጥማጆች ይህ የሚያስፈራ ነገር ነበር። በጨለማ ባሕር ላይ ያለ ሰው አቅጣጫ የሚይዘው በእሳት ነው፤ የሚሸሽ እሳት የተከተለ ደግሞ ወዴት እንደሚደርስ አያውቅም። እሳቶቹ የባሕሩ ዘንዶ አምላክ ፋኖሶች ናቸው ተብሎ ይታመን ስለነበር፣ በዙሪያው ያሉ መንደሮች ብርሃኑ በሚታይበት ቀን ጀልባ እንዳይወጣ ይከለክሉ ነበር።

የስሙ ታሪክ ግን የሚጀምረው ካዳነ እሳት ነው። እ.ኤ.አ. በ720 የተጠናቀቀው የጃፓን ዜና መዋዕል፣ ኒሆን ሾኪ፣ ንጉሠ ነገሥት ኬይኮ የደቡቡን ሕዝብ ለማስገበር ወደ ክዩሹ ስለ መዝመታቸው ይተርካል። ንጉሡ በነገሡ በ18ኛው ዓመት፣ በአምስተኛው ወር መባቻ፣ ከአሺኪታ በመርከብ ይነሣሉ። ፀሐይ ትጠልቅና ዳርቻው ይጠፋቸዋል። በሩቅ እሳት ይታያል፤ ንጉሡም ወደዚያ እንዲቀዘፍ ያዝዛሉ፤ መርከቧም በሰላም ትደርሳለች። የቦታው ስም ሲጠየቅ በያትሱሺሮ የምትገኝ ቶዮ የምትባል መንደር መሆኗ ይነገራል። የእሳቱ ባለቤት ግን ቢፈለግ አልተገኘም። ሰው ያነደደው አለመሆኑ ስለ ታወቀ አገሩ «ሂ ኖ ኩኒ»፣ የእሳት አገር፣ ተባለ ይላል ዜና መዋዕሉ። ኬይኮ ከአፈ ታሪክ ነገሥታት የሚቆጠሩ ናቸውና ዘገባውን እንደ ወረደ ታሪክ መውሰድ አይቻልም። ወሩም በኋላ ዘመን ብርሃኑ ከሚጠበቅበት ወር ጋር አይገጥምም፤ የሚገጥመው ሁለቱም ሌሊቶች ጨረቃ አልባ መሆናቸው ነው።

የሂዘን አገር መዘርዝር የሚባለው ጥንታዊ ጽሑፍ ከዚህኛው ጎን ሌላ ታሪክ አኑሯል። በእርሱ መሠረት ሽፍቶችን ሊቀጣ የተላከ ታኬኦኩሚ የተባለ ጦረኛ በያትሱሺሮ ሲያድር እሳት ከሰማይ ወርዶ ተራራ ላይ ሲነድ አየ፤ የአገሩም ስም ከዚያ መጣ። በሁለቱም እሳቱ ባለቤት የለውም። የእሳት አገር በኋላ ለሁለት ተከፍሎ ሂዘንና ሂጎ፣ ማለትም ፊተኛውና ኋለኛው ሂ፣ ሆነ። በጽሕፈት ግን የእሳት ፊደል ተነሥቶ በድምፅ በሚመስለው፣ ትርጉሙ «ለም» በሆነ ፊደል ተተካ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ሊባል ይገባል፤ በዜና መዋዕሉ ውስጥ «ሺራኑይ» የሚል ቃል የለም። ቃሉ የሚገኘው በስምንተኛው ክፍለ ዘመን በተሰበሰበው የማንዮሹ የግጥም መድበል ሲሆን፣ የሰሜን ክዩሹ ስም ከሆነው ከትሱኩሺ በፊት እንደ ቋሚ ቅጽል ይገባል። የጥንቱ አጠራሩ «ሺራኑሂ» ነው። በዚያ ዘመን ጃፓንኛ ዛሬ አንድ የሆኑ ሁለት የ«ሂ» ድምፆች ነበሩት፤ በአንዱ ፀሐይና ቀን፣ በሌላው እሳት ይጠራ ነበር። በግዕዝ «ሠረቀ» ወጣ፣ «ሰረቀ» ደግሞ የሌላን ወሰደ ማለት ሆኖ ሳለ ዛሬ ጆሮ እንደማይለያቸው ማለት ነው። በማንዮሹ ሺራኑሂ የተጻፈው በፀሐይ እንጂ በእሳት «ሂ» አይደለም። እንግዲህ ቃሉ መጀመሪያ ከእሳት ጋር ዝምድና አልነበረውም ማለት ይቻላል። ሁለቱ ድምፆች አንድ ከሆኑ በኋላ ግን የግጥሙ ቃል፣ የንጉሡ ታሪክና የባሕሩ ብርሃን ተገናኙ፤ ስሙም «የማይታወቅ እሳት» ሆነ። ስሕተት ቢሆንም፣ ከዚህ የተሻለ የሚገጥም ስም ለዚያ ብርሃን ማግኘት ይከብዳል።

የእሳቱ ምንነት የተፈታው በሃያኛው ክፍለ ዘመን ነው። በዓመቱ ሞቃት ወራት ማብቂያ የባሕሩ ውሃ እጅግ የሞቀ ነው። በመባቻው ባሕሩ ሸሽቶ ውሃው እስከ 6 ሜትር ሲጎድል ሰፊ የጭቃ ሜዳ ይገለጣል፤ ሜዳውም በሌሊቱ አየር ቶሎ ይቀዘቅዛል። ሙቅና ቀዝቃዛ አየር ጎን ለጎን ሲቆሙ በመካከላቸው የሚያልፍ ብርሃን ይታጠፋል፤ የሩቅ አጥማጆች ፋኖስ ተከፋፍሎና ተባዝቶ ይታያል። በጠራራ ፀሐይ አስፋልት ላይ ውሃ መስሎ የሚታየው የዚሁ ዘመድ ነው። ባለቤት ሲፈለግለት የኖረው እሳት ባለቤቶቹ ዓሣ አጥማጆቹ ነበሩ። የጭቃው ሜዳ በሰው እጅ እየተሞላ መሬት እየሆነ፣ ዳርቻውም በኤሌክትሪክ መብራት እየደመቀ ሲሄድ ብርሃኑ እምብዛም የማይታይ ሆነ።

ስሙ ግን እየሰፋ ሄደ። ከሂጎ የተወለደው ትግለኛ ሺራኑይ ኮኤሞን 11ኛው የሱሞ ታላቅ ሻምፒዮን ሲሆን፣ ሁለት እጅ ዘርግቶ ወደ መድረክ የመግባት ሥርዓት ዛሬም በሺራኑይ ስም ይጠራል። በ1972 በናጋሳኪ ተዳቅሎ የተገኘው አናቱ ያበጠ ጣፋጭ የብርቱካን ዘርም በኩማሞቶዋ የሺራኑይ ከተማ ስም ተጠራ። ከተማዋ ራሷ በ2005 ከጎረቤቶቿ ጋር ተዋህዳ የኡኪ ከተማ አካል ሆናለች።

ባሕሩ ከጃፓን ውጭ የታወቀው በሌላ ነገር ነው፤ በዳርቻው ባለችው ሚናማታ ከኬሚካል ፋብሪካ የፈሰሰ የሜርኩሪ ውህድ በዓሣ በኩል ሰዎችን ጨረሰ። በሽታው በይፋ የታወቀው በ1956 ነው። የሕመምተኞቹን መከራ የጻፈችው ኢሺሙሬ ሚቺኮ ውሃውን የምትጠራው ሺራኑይ ብላ ነበር፤ ያትሱሺሮ ብላ አልነበረም።

በ2009 የጃፓን መንግሥት «ሺራኑይና ሚዙሺማ» በሚል አንድ ስያሜ ቦታውን ከአገሪቱ ውብ ሥፍራዎች መዘገበ። ሚዙሺማ የውሃ ደሴት ማለት ነው። ኒሆን ሾኪ እንደሚለው ኬይኮ እሳቱን ከማየታቸው ሃያ ቀን ያህል ቀደም ብሎ በዚያች ደሴት ምግብ ቀርቦ ውሃ ታጣ፤ አገልጋያቸው ወደ አማልክት ቢጸልይ ቀዝቃዛ ምንጭ ከገደሉ ሥር ፈለቀ።