ሠረገላ ያልነበረው ሰፈር

ኪዮቶ ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው መቅደሶቿንና ጌይሻዎቿን ነው፡፡ እኔን የሚደንቀኝ ግን የሰፈሩ ሰው ነው፡፡

ነገሩ እንዲህ ነው፡፡ የጊዮን በዓል መነሻ እ.ኤ.አ. በ869 ወረርሽኝ ለማብረድ የተደረገ ሥርዓት ነው፡፡ ዛሬም በየጁላይ ወር በመሐል ከተማው ያሉ ሰፈሮች እያንዳንዳቸው የራሳቸውን ሠረገላ ያወጣሉ፡፡ ትልልቆቹ 25 ሜትር ገደማ ቁመት፣ 12 ቶን ገደማ ክብደት አላቸው፡፡ ታዲያ እንጨቱን የሚያያይዘው ሚስማር ሳይሆን ገመድ ነው! ማዕዘን ላይ ሲደርሱ የረጠበ ቀርከሃ ከመንኮራኩሩ ሥር ይነጠፍና ተጎትቶ ይዞራል፡፡

በ1533 የሾጉኑ መንግሥት በዓሉን ከለከለ፡፡ ነጋዴውና የእጅ ባለሙያው ግን የመቅደሱ ሥርዓት ቢቀር እንኳ ሠረገላችን ይውጣ ብለው ተከራከሩ፡፡ በዓሉ የማን እንደሆነ ያን ጊዜ ለይቶለታል ባይ ነኝ፡፡

የታካያማ ሰፈር ታሪክ ደግሞ ይብሳል፡፡ ሠረገላው በ1826 በዝናብና በነፋስ ተጎዳ፤ በ1864 ከተማዋን ያነደደው የጦርነት እሳት አብዛኛውን በላው፡፡ የሰፈሩ ሰው የተረፉትን ቅዱሳን ምስሎች በዋዜማው ቤት ውስጥ እያቆመ አክብሯል፡፡ ሠረገላው እንደገና ተሠርቶ ወደ ሰልፉ የተመለሰው በ2022፣ ከ196 ዓመት በኋላ ነው… የሚያስታውሰው አንድም ሰው በሕይወት ሳይኖር!

በበዓሉ ዋዜማ ነባር ቤተሰቦች የወረሱትን የተሣለ መጋረጃ በመንገድ በኩል ባለው ክፍል ዘርግተው ለአላፊ አግዳሚው ያሳያሉ፡፡ ቤቶቹ «ማቺያ» ይባላሉ፤ ፊታቸው ጠባብ፣ ወደ ውስጥ ረጅም የሆኑ የእንጨት ቤቶች ናቸው፡፡ ከተማዋ በ2016 ስትቆጥራቸው 40 ሺህ ገደማ ነበሩ፡፡ ከዚያ በፊት በነበሩት ሰባት ዓመታት በአማካይ በየቀኑ ሁለት ያህል ጠፍተዋል፡፡