ካብና ወፍጮ፤ የድንጋይ ሥራ በወላይታ ታሪክ

ስለ አንድ አገር የድንጋይ ሥራ ሲነገር አስቀድሞ የሚታሰበው ቤት ነው። የትግራይ ህድሞም ሆነ የሐረር ጀጎል ቤት ግድግዳው ድንጋይ ነው። የወላይታ ባህላዊ ቤት ግን በእንጨትና በቀርከሃ ተዋቅሮ በሣር የሚከደን ነው። በዚህ አገር ድንጋይ ሌላ ሁለት ሥራ ነበረው፤ አንደኛው የአገር ቅጥር፣ ሁለተኛው የእህል ወፍጮ ነው። ስለ ቅጥሩ ብዙ ተነግሮአል። ወፍጮው ግን የሕዝቡን ኑሮና የሥልጣንን ለውጥ ከቅጥሩ ባላነሰ የሚያስረዳ ሲሆን፣ እስካሁን የሚገባውን ስፍራ አላገኘም።

ቅጥሩ በአገሩ አጠራር ኬላ ይባላል። ቃሉ በዐማርኛ የቀረጥ መቀበያ በር ማለት ሲሆን፣ በወላይታ ግን ነገሥታቱ ግዛታቸውን ለመጠበቅ ያስካቡትን የድንጋይ አጥር ያመለክታል። በካዎ አማዶ ስም የሚጠራው ካብ ለዚህ ምስክር ነው። የመጨረሻው ንጉሥ ካዎ ጦና በ1887 ዓ.ም. በዳግማዊ ምኒልክ ዘመቻ ቆስለው እስኪማረኩ ድረስ አገሩ በዚህ ዓይነት ምሽግና በቦይ ይከላከል ነበር። ከዘመቻው ጋር አብሮ የሄደው ፈረንሳዊ ቫንደርሄይም ያየውን እልቂት እ.ኤ.አ. በ1896 ባሳተመው መጽሐፍ ገልጾታል።

በዚያ ዘመን ጦር ሲንቀሳቀስ እህል የሚፈጩ ሴቶች ይከተሉት ነበር። ስለዚህ ካቡን ያፈረሰው ሠራዊት ራሱ በወፍጮ የሚኖር ነበር ማለት ይቻላል።

የእጅ ወፍጮ ሥራ በመላው አገር ተመሳሳይ ነው። ሰፊው የታች ድንጋይ ወደ ፊት አዘንብሎ ይቀመጣል፤ ሴቲቱ መጁን በሁለት እጇ ይዛ እየገፋችና እየሳበች እህሉን ትፈጫለች። አንድ ጊዜ የተሸረከተው እህል እስኪልም ድረስ ደጋግሞ ይፈጫል። ድንጋዩ በሥራ ብዛት ሲለሰልስ እህሉን መያዝ ስለሚሳነው እንደገና ይወቀራል። በብዙ ዘመን አገልግሎት መካከሉ ይጎደጉዳል፤ ይህ ጉድጓድ የብዙ ሴቶች ጉልበት ያረፈበት ጽሑፍ ነው።

በወላይታ ግን አንድ ልዩ ነገር አለ። ከዋነኞቹ የአገሩ ምግቦች አንዱ እንሰት ነው። እንሰት ይፋቃል፣ ይብላላል፣ ይጨመቃል እንጂ እንደ ጤፍ አይፈጭም። ገብስና ማሽላም ስለሚዘሩ ወፍጮ እንግዳ ዕቃ አልነበረም፤ ሆኖም የቤቱ ምግብ ሁሉ በእርሱ ላይ የተመሠረተ አልነበረም። ከ1887 ዓ.ም. በኋላ የሰፈሩት ነፍጠኞች በብዛት እንጀራ በሊታዎች ነበሩ። በደቡብ በተዘረጋው የገባር ሥርዓት ደግሞ ገባሩ ከግብርና ከእርሻ ሌላ እንጨት ማቅረብና እህል መፍጨት ግዴታው ነበር። መፍጨቱም በተለይ በሚስቱ ላይ ይወድቅ ነበር። እንሰት በሊታው ቤት ለሌላው ማዕድ ዱቄት ፈጪ ሆነ ማለት ነው። በታላላቅ ቤቶችም ይህ ሥራ የባሪያና የገረድ ድርሻ ነበር።

በ1937 ዓ.ም. የወጣው የመሬት ግብር ዐዋጅ የገባርን የጉልበት አገልግሎት በሕግ አስቀረ። የሴቲቱን እጅ ከመጅ ያላቀቀው ግን በይበልጥ የሞተር ወፍጮ ነው። ዛሬ ወፍጮ ቤት ሲባል የሚታሰበው ይኸው ነው፤ የቀድሞው ድንጋይ ግን ከአገልግሎት ውጭ ሲሆን በጓሮ ይጣላል፣ ወይም የመሠረት ድንጋይ ይሆናል።

የኮንሶ የድንጋይ እርከኖችና የተካቡ መንደሮች በ2003 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ተመዝግበዋል። የወላይታ ካብም ተመሳሳይ ጥንቃቄ ይገባዋል። ከካቡ ጋር ግን የእጅ ወፍጮው መመዝገብ አለበት፤ የተገኘበት ቦታ፣ የድንጋዩ ዓይነት፣ የጉድጓዱ ጥልቀት፣ ከሁሉም በላይ ማን ለማን ይፈጭበት እንደ ነበረ ከአረጋውያን፣ በተለይም ከአሮጊቶች፣ ተጠይቆ ሊጻፍ ይገባል። ካቡ የነገሥታቱን ታሪክ ይናገራል፤ ወፍጮው ስማቸው ያልተጻፈውን ሴቶች ታሪክ ይዞአልና።