ከሬሳ ሣጥን የተነሳችው ተዋናይት

ስለ ዴንማርክ ፊልም ሲነሳ እኔ ቀድማ ትዝ የምትለኝ ቢርጊተ ፌዴርስፒል ናት። እ.ኤ.አ. በ1925 ተወለደች። አባቷ አይነር ፌዴርስፒልም ተዋናይ ነበሩ፤ በ1955 ለእይታ በበቃው የካርል ድሬየር «ቃል» ፊልም ላይ አባትና ልጅ አብረው ሠርተዋል።

ፊልሙ የተወሰደው ጌስታፖ በ1944 ከገደላቸው ከቄስ ካይ ሙንክ ቴአትር ነው። ቢርጊተ በምጥ የምትሞተውን የባላገር ሚስት ኢንገርን ትጫወታለች። በቀረጻው ወቅት በእርግጥም ነፍሰ ጡር ስለነበረች፣ ድሬየር አስፈቅዶ የራሷን የምጥ ድምፅ ቀዳ፤ ፊልሙ ውስጥም አስገባው።

መጨረሻው ላይ ኢንገር በክፍት ሬሳ ሣጥን ተኝታለች። ደረቷ ላይ የተጣመሩት እጆቿ ቀስ ብለው ይንቀሳቀሳሉ፤ ዓይኗ ይገለጣል፤ ባሏን አንገቱን አቅፋ ትይዘዋለች። ተአምሩን እንዳምን ያደረገኝ የእነዚያ እጆች ዝግታ ነው።

ፊልሙ በቬኒስ ወርቃማ አንበሳን፣ እሷም የዴንማርክን የቦዲል ሽልማት አገኙ። በ1959ኙ «እንግዳ ያንኳኳል» በተባለው ፊልም ደግሞ፣ ጀርመን ዴንማርክን በወረረችበት ዘመን ባሏን የተነጠቀች ሴት ሆና ዳግመኛ ቦዲል ተሸለመች። እዚያ አብሯት የተጫወተው ፕሬበን ሌርዶርፍ ሪዬ በ«ቃል» ኢንገርን ከሞት የሚጠራው ዮሐንስ ነው።

በ1987 «የባቤት ግብዣ» ላይ አረጋዊቷን ማርቲነን ሆና መጣች፤ ፊልሙም ኦስካር ወሰደ። ዴንማርክ የጦርነት ሐዘኗንና እምነቷን በፊልም ስትመረምር፣ ይህች ሴት ከፊት ቆማለች፤ ክብሯም ከዳይሬክተሮቹ እኩል ሊነገር ይገባል።