ስለ ዋልያስ ባንድ ጥቂት

ዘፋኝ የሌለበት ሙዚቃ በሬዲዮ ሲለቀቅ ዜማውን ብዙዎቻችን እናውቀዋለን፤ የተጫወቱትን ሰዎች ግን ማን በስም ይጠራል?

ዋልያስ ባንድ በእኛ አቆጣጠር በ1960ዎቹ አዲስ አበባ ላይ ተቋቋመ። በዚያን ጊዜ የሙዚቃ መሣሪያው የምሽት ክበቡ ባለቤት ንብረት ነበር። ተጫዋቹ ከቤቱ ሲለቅ ባዶ እጁን ይወጣል። እነ አቶ ኃይሉ መርጊያ ግን ገንዘብ አዋጥተው የራሳቸውን ገዙ። ድንኳንና ድስት መከራየት ምን እንደሆነ ለምናውቅ ለእኛ ለእድርተኞች ነገሩ እንግዳ አይደለም። ከዚያ በኋላ ሂልተን ሆቴል ለዓመታት ተጫወቱ። በደርግ ጊዜ ሰዓት እላፊ ስለነበር እንግዳው መውጫ የለውም፤ እነሱም እስኪነጋ ይጫወታሉ! እኛ አይሻዎች የዘመኑን ካሴት የምናገኘው ከድሬዳዋ በባቡር ሲመጣልን ነበር።

«ቼ በለው» የተባለው ሸክላቸው በ1969 ዓ.ም. ወጣ። በውስጡ ያለውን «ሙዚቃዊ ስልት»ን የደረሱት አቶ ግርማ በየነ ናቸው።

እ.ኤ.አ. በ1981 ባንዱ አሜሪካ ሄዶ ሲጫወት ከፊሎቹ እዚያው ቀሩ፣ የቀሩት አገር ቤት ተመለሱ። አቶ ኃይሉ ዋሽንግተን ውስጥ ታክሲ ነዱ። ኪቦርዳቸውን መኪናው ውስጥ ይዘው፣ ተሳፋሪ እስኪመጣ ይለማመዱ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2013 የቀድሞ ሥራቸው እንደገና ሲታተም ወደ መድረክ ተመለሱ።