ያልተከፈለ የንግድ ዕዳ በአጭር ሥነ ሥርዓት የሚጠየቅበት አግባብ

በአገራችን የንግድ እንቅስቃሴ ሸቀጥን በዱቤ መስጠትና ክፍያውን በቼክ ወይም በተስፋ ሰነድ ማረጋገጥ የተለመደ አሠራር ነው። ይሁንና የክፍያው ቀን ደርሶ ባለዕዳው ሳይከፍል ሲቀር የሻጩ መንቀሳቀሻ ገንዘብ ይታሰራል፤ እርሱም በተራው ለአስመጪው ወይም ለባንክ የገባውን ግዴታ መወጣት ይሳነዋል። ሕጉ ለዚህ ችግር ካበጃቸው መፍትሔዎች አንዱ በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከአንቀጽ 284 እስከ 292 የተደነገገው አጭር ሥነ ሥርዓት ነው።

የሚመለከታቸው ክሶች

ይህ ሥርዓት የሚያገለግለው መጠኑ ተለይቶ የታወቀ ገንዘብ ለሚጠየቅበት ክስ ብቻ ነው። ዕዳው ከቼክ፣ ከሐዋላ ወረቀት፣ ከተስፋ ሰነድ፣ ከሌላ ውል ወይም ለተወሰነ ዕዳ ከተሰጠ ዋስትና የመነጨ ሊሆን ይችላል። በአንጻሩ የታጣ ትርፍ ወይም መጠኑ በማስረጃ ተጣርቶ የሚወሰን የጉዳት ካሣ በዚህ መንገድ አይጠየቅም።

የክስ አቀራረብ

ከሳሹ በተለመደው አኳኋን ያዘጋጀውን የክስ ማመልከቻ «በአጭር ሥነ ሥርዓት» የሚል ምልክት አድርጎበት ያቀርባል። ከዚሁ ጋር የክሱን ምክንያትና የገንዘቡን ልክ የሚያረጋግጥ፣ ተከሳሹም መከላከያ የለውም ብሎ እንደሚያምን የሚገልጽ ቃለ መሐላ ያያይዛል። ቃለ መሐላው በራሱ በከሳሹ ወይም ጉዳዩን በሚገባ በሚያውቅ ሌላ ሰው ሊሰጥ ይችላል። በ2013 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 1234 መሠረት በፌዴራል ፍርድ ቤቶች ሥልጣን ሥር የሚወድቅ እስከ 10 ሚሊዮን ብር የሚደርስ የፍትሐ ብሔር ክስ ለመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት፣ ከዚያ በላይ የሆነው ደግሞ ለከፍተኛ ፍርድ ቤት ይቀርባል።

የተከሳሽ መብትና ግዴታ

የአጭር ሥነ ሥርዓት ዋነኛ ልዩነት እዚህ ላይ ነው። በመደበኛው ክስ ተከሳሽ መልሱን በቀጥታ የሚያቀርብ ሲሆን፣ በዚህኛው ግን አስቀድሞ ለመከላከል እንዲፈቀድለት ፍርድ ቤቱን መጠየቅ አለበት። ጥያቄውም መከላከያው ክሱን በሙሉ ወይም በከፊል የሚመለከት መሆኑን በሚገልጽ ቃለ መሐላ መደገፍ ይኖርበታል። መጥሪያው ደርሶት ፈቃድ ሳይጠይቅ የቀረ ተከሳሽ ክርክር ሳይሰማ የተጠየቀውን ገንዘብ፣ ወለዱንና ወጪውን እንዲከፍል ሊፈረድበት ይችላል። መጥሪያን ችላ ማለት ዕዳውን በከፊል ከፍሎ የነበረን ነጋዴ ጭምር ለከባድ ኪሳራ የሚዳርገው በዚህ ምክንያት ነው።

ለምሳሌ የጨርቃ ጨርቅ አከፋፋይ በዱቤ ለሰጠው ሸቀጥ 300,000 ብር ቢጠይቅና ገዢው 200,000 ብሩን አምኖ በቀሪው ላይ የጥራት ጉድለት ቢያነሣ፣ ፍርድ ቤቱ በታመነው ገንዘብ ፍርድ ሰጥቶ በቀሪው 100,000 ብር ላይ ተከሳሹ እንዲከላከል ሊፈቅድ ይችላል። ፈቃዱ ያለ ቅድመ ሁኔታ ወይም ዋስትና በማስያዝ ሊሰጥ ይችላል፤ ከተሰጠም በኋላ ክርክሩ በመደበኛው ሥርዓት ይቀጥላል።

ከፍርድ በኋላ

መጥሪያው በአግባቡ ያልደረሰው ወይም ሌላ በቂ ምክንያት ያለው ተከሳሽ በአንቀጽ 292 መሠረት ፍርዱ እንዲነሣለት ማመልከት ይችላል። በሌላ በኩል ፍርድ ያገኘ ባለገንዘብ ባለዕዳው በፈቃዱ ካልከፈለው የአፈጻጸም ማመልከቻ ማቅረብ አለበት። ባለዕዳው ንብረቱን እንዳያሸሽ የሚያሰጋ ሁኔታ ካለም ከፍርድ በፊት እንዲያዝ በአንቀጽ 151 እና ተከታዮቹ መሠረት ሊጠየቅ ይችላል።

ሊታሰብባቸው የሚገቡ ነጥቦች

የወለድ መጠን በውል ካልተወሰነ በፍትሐ ብሔር ሕጉ መሠረት በዓመት 9 በመቶ ይታሰባል። ይህም ለ300,000 ብር ዕዳ በዓመት 27,000 ብር ይሆናል። የውል ግዴታ በመርህ ደረጃ በ10 ዓመት ይርጋ የሚታገድ ሲሆን፣ ቼክን የሚመለከተው ጊዜ ግን በወራት የሚቆጠር በመሆኑ መዘግየት መብትን ያሳጣል። በቂ ስንቅ ሳይኖር ቼክ ማውጣት በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 693 መሠረት በወንጀልም ያስጠይቃል፤ ሆኖም የወንጀል ክስ መቅረቡ ብቻውን ገንዘቡን አያስመልስም።

ከሁሉም በላይ የዚህ ሥርዓት ጥቅም የሚወሰነው ክርክር ከመነሣቱ በፊት በተያዘ ሰነድ ነው። በዱቤ የሚሸጥ ነጋዴ የገዢው ፊርማ ያረፈበት፣ የዕዳውን ልክና የመክፈያውን ቀን በግልጽ የሚያሳይ ጽሑፍ ከያዘ የፍርድ ቤት ደጃፍ የሚመላለስበትን ጊዜ ያሳጥራል።